የ40 ኪሎባይት ወንጀል

ለጥር 23ቱ የፈረሰኞች በዓል ወደ እንጅባራ በሄድኩበት ሰሞን፣ በአዊ ዞን ውስጥ ያለ አንድ ትምህርት ቤት (ስሙን አልጠራም፤ ጠቤ ከሐሳቡ ጋር እንጂ ከግቢው ጋር አይደለም) ስለ ንባብ ባህል እንድናገር ጋበዘኝ። ተናገርኩ። ተማሪዎቹ አጨበጨቡ፤ ያጨበጨቡት ለንግግሩ ይሁን ለማለቁ አላውቅም። ከዚያ ርእሰ መምህሩ ቢሮ ቡና ቀረበልንና ወሬ ተጀመረ። በወሬው መሀል ነው እንግዲህ ስለ «ወንጀለኛው» የሰማሁት።

ወንጀለኛው የ10ኛ ክፍል ተማሪ ነው። ቅዳሜ ከሰዓት በኋላ ኮምፒውተር ክፍል ገብቶ፣ ብራውዘር ከፍቶ፣ ከእሱ ይልቅ ለአባቱ እኩያ የሚሆን የጃፓን ጌም መጫወቻ ኮምፒውተሩ ላይ «ሲያስነሳ» እጅ ከፍንጅ ተያዘ። የዲሲፕሊን ኮሚቴ ተሰበሰበ። ቃለ ጉባኤ ተጻፈ። ለአንድ ሙሉ ሴሚስተር ወደ ኮምፒውተር ክፍሉ ዝር እንዳይል ተወሰነ። ክፍሉም ከዚያ ወዲህ ቅዳሜ ቅዳሜ ይቆለፋል። አንድ ልጅ ሲያጠፋ ቁልፉ ለሁሉም የሚታሰርበት ምክንያት መቼም ለኔ ዘላለም ምስጢር ነው።

«መምህር» አሉኝ የኮሚቴው ሰብሳቢ፣ ስኒያቸውን አስቀምጠው፤ «ኢንተርኔት ያስገባነው ለዕውቀት ነበር። ይኸው ትውልዱ! ጊዜ ማባከን አንድ፣ የሰው ንብረት መስረቅ ሁለት። ሦስተኛው ደግሞ የባሰው፤ ዓለም ወደፊት ሲሮጥ የአርባ ዓመት ጌም ቆፍሮ ማውጣት!»

ሦስት ክስ። እኔ ደግሞ ሦስቱንም ሰምቼ አንገቴን ነቅንቄ ቡናዬን ጠጥቼ ብነሳ ኖሮ ይህን ጽሑፍ አታነቡም ነበር። አልተነሳሁም። «ልጁን ላየው እችላለሁ?» አልኩ።

ልጁ እስኪመጣ ድረስ ነገሩን ለማያውቅ አንባቢ ላስረዳ። እኔም የተረዳሁት ዘግይቼ ነው።

በ1975 ዓ.ም. ክረምት (እ.ኤ.አ. ሐምሌ 1983) ኒንቴንዶ የተባለው የጃፓን ኩባንያ ፋሚኮም የሚባል የቤት ውስጥ መጫወቻ ለገበያ አቀረበ። ከቴሌቪዥን ጋር ይገናኛል፤ ጌሞቹ የሚመጡት የዘፈን ካሴት በሚያካክሉ የፕላስቲክ ሳጥኖች ነው። እኛም አገር የዚህ መሣሪያ ዘመዶችና አስመስለው የተሠሩ ቅጂዎቹ ከዱባይ በሚመጣ ሻንጣ ገብተው ነበር። የእህቴ ልጅ አንድ ነበረው። ጌሙ እምቢ ሲል ካሴቱን አውጥቶ እፍ ይልበትና መልሶ ይሰካዋል። እፍታው ከሕክምና ይልቅ ለጠበል ይቀርብ ነበር፤ አንዳንዴ ይሠራል። እኔ አንድ ቀን «አጎቴ፣ ሞክር» ብሎኝ ያንን ባለሪዙን ቧንቧ ሠራተኛ ማሪዮን ያዝኩና አሥር ሰከንድ ሳይሞላኝ ጉድጓድ ውስጥ ከተትኩት። ከዚያ ወዲህ ጌም የሚባል ነገር ነክቼ አላውቅም። ስለዚህ ይህን የምጽፈው የጌም ሱስ አናቴ ላይ ወጥቶ አይደለም።

ያ መሣሪያ አሁን የለም። አለ ቢባል እንኳ አንዱ ጓዳ ውስጥ አቧራ ለብሶ ነው። ይሁን እንጂ በዓለም ዙሪያ ያሉ ትርፍ ጊዜያቸውን የሰጡ ፕሮግራመሮች አንድ ነገር ሠሩ፤ አሁን ያለን ኮምፒውተር ያንን አሮጌ መሣሪያ መስሎ እንዲታይ የሚያደርግ ፕሮግራም። ስሙ ኢሙሌተር ነው። በአማርኛ ልተርጉመው ብዬ ብዙ አሰብኩ፤ «አስመሳይ» ከሚለው የተሻለ ቃል አጣሁ። በኛ ዘንድ አስመሳይ ስድብ ነው፤ ይህኛው ግን ለደግ የተፈጠረ አስመሳይ ነው። አሮጌው ካሴት ውስጥ ያለውን እያንዳንዱን ትእዛዝ ያነብና «ያ የ1975ቱ መሣሪያ ቢሆን ኖሮ ምን ያደርግ ነበር?» ብሎ ጠይቆ እሱኑ ያደርጋል። በሰከንድ ወደ 60 ጊዜ ያህል ሥዕሉን እየሣለ፣ ድምፁን እያወጣ፣ ሳይደክመው። ያ አሮጌ መሣሪያ የነበረው የሥራ ማስታወሻ 2 ኪሎባይት ብቻ ነው። ይህን አሁን የምታነቡትን አንቀጽ ለማስቀመጥ እንኳ አይበቃም፤ ዛሬ ኮምፒውተር አንዷን የአማርኛ ፊደል የሚያስቀምጣት በሦስት ባይት ነውና።

ቀድሞ እነዚህን አስመሳዮች ለማስነሳት ፕሮግራም መጫን ግድ ነበር። አሁን ግን ብራውዘር ይበቃል። እ.ኤ.አ. በ1996 የተመሠረተውና ሳን ፍራንሲስኮ የሚገኘው ኢንተርኔት አርካይቭ የተባለው ለትርፍ ያልቆመ ቤተ መጻሕፍት፣ በ2013 መጨረሻ አሮጌ የቤት ውስጥ መጫወቻዎችን ማንም ሰው ብራውዘር ከፍቶ እንዲሞክራቸው አደረገ። በ2014 የመንገድ ዳር የሳንቲም ጌሞችን ጨመረ፤ በ2015 መጀመሪያ የዶስ ዘመን ጌሞችን። በ2017 ዋና ዋናዎቹ ብራውዘሮች ዌብአሴምብሊ የሚባለውን ዘዴ ከተቀበሉ በኋላማ ርካሽ ላፕቶፕ፣ አልፎም የእጅ ስልክ፣ ያለ ችግር ይሸከመዋል። ልብ በሉ፤ ይህን የሚያደርገው ቤተ መጻሕፍት ነው። ጌም ቤት አይደለም።

ልጁ መጣ። ቀጭን፣ ዓይናፋር፣ መሬት መሬት የሚያይ። «ምን ነበር ስትጫወት የነበረው?» አልኩት።

«ጋሼ፣ እየተጫወትኩ አልነበረም» አለ።

ሰብሳቢው ሳቁ። «ሁሉም እንዲሁ ነው የሚለው።»

«እና ምን እያደረግህ ነበር?»

«እየሞከርኩት ነበር። ጌሙ የራሴ ነው።»

ቢሮው ውስጥ ዝም ተባለ። ያ ሁሉ ስብሰባ፣ ያ ሁሉ ቃለ ጉባኤ ሲጻፍ፣ ጌሙን ማን እንደሠራው የጠየቀ አንድ ሰው አልነበረም! ነገሩ እንዲህ ነው። ለዚያ አሮጌ መሣሪያ አዲስ ፕሮግራም የሚጻፍባቸው ነፃ ገጾች አሉ፤ በግራ በኩል ትጽፋለህ፣ በቀኝ በኩል አስመሳዩ ወዲያው ያስነሳልሃል። ብራውዘር ብቻ ነው የሚፈልገው። ልጁ ይህን አግኝቶ የፈረሰኛ ጌም ጀምሯል። ፈረሰኛው በሜዳ ላይ ይጋልባል፤ አጥር ይዘላል፤ የአዊን ሰባት ቤቶች አንድ በአንድ አልፎ ሰባተኛው ላይ ሲደርስ ጌሙ ያልቃል። መጠኑ ስንት ነው ብትሉኝ 40 ኪሎባይት፤ ከዝነኛው ሱፐር ማሪዮ ጋር እኩል። ካሴቱ በጣም ተራ በሆነው ዓይነቱ የሚችለው ይህን ያህል ነውና። በስልካችሁ የምታነሱት አንድ የበዓል ፎቶ ከዚህ በብዙ እጥፍ ይበልጣል።

እንግዲህ ወደ ክሶቹ።

ጊዜ ማባከን ተባለ። ይሁን፤ ሌሎቹ ልጆች ዝም ብለው ይጫወቱ ይሆናል። አሥር ልጅ ቢገባ ዘጠኙ ለመጫወት ነው የሚገባው፤ ይህን አልክድም። ለመሆኑ ግን በየከተማችን ዋና መንገድ ዳር የተደረደሩትን የስፖርት ውርርድ ቤቶች አይታችሁ ታውቃላችሁ? ሰውየው ኪሱ ውስጥ ያለችውን የልጁን የደብተር ገንዘብ ስለማያውቀው የእንግሊዝ ቡድን ሲያስይዝ ቃለ ጉባኤ የጻፈ ኮሚቴ የትኛው ነው? በየልጆቻችን ስልክ ላይ ያሉት አዳዲስ ጌሞችስ? በየሁለት ደቂቃው ማስታወቂያ ይደቅናሉ፣ ሳንቲም ግዛ ይላሉ፣ ነገ ካልተመለስክ ሽልማትህ ይቀራል እያሉ ያስፈራራሉ፤ ከሁሉ በላይ ደግሞ አያልቁም። እንዲያልቁ አልተሠሩማ! የ1975ቱ ጌም ማስታወቂያ የለውም። ስልክ ቁጥርህን አይጠይቅም። ብር አይጠይቅም። ያልቃል፤ ሲያልቅ ደግሞ አልቋል ብሎ ይነግርሃል። ልጅ ካለኝ፣ የግድ ጌም ይጫወት ከተባለ፣ የትኛውን እንደምመርጥለት አልጠራጠርም።

ጨዋታ ራሱ ነውር ከሆነ ደግሞ ገበጣን ምን ልናደርገው ነው? ሪቻርድ ፓንክረስት እ.ኤ.አ. በ1971 በኢትዮጵያና በአካባቢዋ የሚደረጉትን የገበጣ ዓይነቶች እየመዘገበ ሲጽፍ ከ100 በላይ አግኝቷል። እያንዳንዱ የራሱ ሕግ፣ የራሱ አቆጣጠር አለው። ዛሬ ከእኛ ስንቶቻችን ነን አንዱን እንኳ ከነሕጉ የምናውቅ? ጊዜ ማባከን ነው ብለን ስንንቀው ያየሁት ጨዋታ ሁሉ፣ ከጠፋ በኋላ ባህል ይባላል።

ወደ ስርቆቱ ልምጣ፤ ይሄኛው ቁም ነገር አለው።

ማሪዮ ባለቤት አለው። ኒንቴንዶ ዛሬም በሕይወት ያለ፣ ዛሬም ያንኑ ጌም የሚሸጥ ኩባንያ ነው። የእሱን ካሴቶች ገልብጦ በኢንተርኔት የሚያድል ሰው መብት ይነካል፤ እ.ኤ.አ. በ2018 አሜሪካ ውስጥ እንዲህ ያሉ ገጾችን ያስተዳድሩ የነበሩ ባልና ሚስት ከ12 ሚሊዮን ዶላር በላይ ሊከፍሉ ፍርድ ተሰጥቶባቸዋል። ለልጆች «ገልብጡ» ብዬ የምመክር ሰው አይደለሁም። ነገር ግን ካሴቱና አስመሳዩ ሁለት የተለያዩ ነገሮች ናቸው፤ ኮሚቴው አንድ ላይ ጠቅልሎ ነው የፈረደባቸው። ሶኒ የፕሌይስቴሽንን አስመሳይ የሠራ ኮነክቲክስ የተባለ ድርጅት ከሶ ነበር። እ.ኤ.አ. የካቲት 2000 የአሜሪካ ይግባኝ ሰሚ ፍርድ ቤት ለኮነክቲክስ ፈረደ፤ የአንድን መሣሪያ አሠራር መርምሮ፣ ያንኑ የሚያደርግ የራስን ፕሮግራም መጻፍ ስርቆት አይደለም ተባለ። ሶኒ ምን አደረገ? በዓመቱ ፕሮግራሙን ገዝቶ ዘጋው። አሥራ ምናምን ዓመት ቆይቶ ደግሞ በ2018 መጨረሻ ፕሌይስቴሽን ክላሲክ የምትባል ትንሽ ሳጥን አምጥቶ ሸጠ። ሳጥኗ ተከፍታ ብትታይ ውስጧ ያለው አስመሳይ በትርፍ ጊዜያቸው የሚሠሩ ሰዎች በነፃ ያዘጋጁት ነው! እነሆ ከሳሹ ራሱ የተከሳሹን ጋቢ ለብሶ ገበያ ወጣ።

ሌላም አለ። የቪዲዮ ጌም ታሪክ ፋውንዴሽን የሚባል ድርጅት እ.ኤ.አ. በ2023 ባወጣው ጥናት፣ ከ2010 በፊት አሜሪካ ውስጥ ከወጡ ጌሞች 87 በመቶው ዛሬ በገበያ ላይ አይገኙም። ገዝተህ ልትጫወታቸው ብትፈልግ የሚሸጥልህ የለም። በቀጣዩ ዓመት ጥቅምት ቤተ መጻሕፍት እነዚህን ከገበያ የወጡ ጌሞች ለተመራማሪዎች ከሩቅ እንዲያሳዩ ይፈቀድላቸው ተብሎ ሲጠየቅ የአሜሪካ የቅጂ መብት ቢሮ አይሆንም አለ። ባለቤቱ አይሸጥም፤ ቤተ መጻሕፍቱ እንዳያሳይ ይከለከላል። ታዲያ ማን ያስቀምጠው?

በኛ አገር የቅጅና ተዛማጅ መብቶች ጥበቃ አዋጅ ቁጥር 410/1996 አለ። «ሥራ» ማለት ምን እንደሆነ ሲተረጉም መጽሐፍን፣ የጋዜጣ ጽሑፍንና የኮምፒውተር ፕሮግራምን አንድ ላይ ነው የሚዘረዝራቸው። ለኔ ለሥነ ጽሑፍ አስተማሪው ይህ ትልቅ ነገር ነው። ሕጉ ፕሮግራሙን ከልቦለዱ አጠገብ አስቀምጦታል፤ የልጁ የፈረስ ጌም በሕግ ፊት የድርሰት ጎረቤት ነው። ልጁ ደራሲ ነው ማለት ነው። ኮሚቴው ሳያውቅ የቀጣው ደራሲን ነው። (ደራሲን መቅጣት ለዚህ አገር አዲስ ነገር አይደለም፤ ይህን እለፉት።)

ስለ ስርቆት ሲነሳ ደግሞ ዓይኔ ዝም ብሎ ቢሮውን ዞረ። መደርደሪያው ላይ ከዳር እስከ ዳር ፎቶ ኮፒ የተደረገ መጽሐፍ። የርእሰ መምህሩ ኮምፒውተር ጥግ ላይ፣ ዊንዶውሱ ትክክለኛ ቅጂ እንዳልሆነ የሚያስታውስ ደብዛዛ ጽሑፍ። ምንም አላልኩም። ቡናቸውን ጠጥቼ እንዲህ ያለ ነገር መናገር ይከብዳል፤ ስለዚህ ይኸው ጽፌዋለሁ።

ሦስተኛው ክስ፣ አሮጌ ነው የሚለው፣ ከሁሉም ያናደደኝ እሱ ነው።

ይህ የተባለው የት ነው? እንጅባራ በፈረስ በተሞላች ማግሥት! የሰባቱ ቤት አገው ፈረሰኞች ማኅበር የተመሠረተው በ1932 ዓ.ም. ነው፤ ዓድዋ የዘመቱትን አባቶችና ፈረሶቻቸውን ለማሰብ። በዚያ በዓል ላይ ስንት ባለሥልጣን ስለ ቅርስ ሲናገር ሰማሁ። ለአንድም ፈረሰኛ «መኪና እያለ ምን አስጋለበህ?» ያለው የለም። ልጁ ያንኑ ፈረስ 40 ኪሎባይት ውስጥ ሲያስገባው ግን ኋላ ቀር ሆነ።

ዳንግላን የሚያውቅ ሰው ስለ ቺዝማን ሰምቶ ይሆናል። በ1920ዎቹ አጋማሽና ከዚያ በኋላ (የፈረንጅ አቆጣጠር ነው) የእንግሊዝ ቆንስል ሆኖ ዳንግላ ላይ ተቀምጦ፣ የጣናንና የዓባይን አካባቢ ዞሮ፣ በ1936 መጽሐፍ አሳተመ። ስለዚያ ዘመን ዳንግላ ማወቅ ስንፈልግ ያንን እንገልጣለን። ለምን? እሱ ከኛ አባቶች የተሻለ ስላወቀ አይደለም። የጻፈው ስለተቀመጠና ዛሬም ስለሚገለጥ ነው። መቀመጥ ብቻ አይበቃም፤ መገለጥ አለበት። የራሴን ጉድ የምናገረው እዚህ ላይ ነው።

በ1980ዎቹ መጨረሻ፣ ሥነ ጽሑፍ አስተምር በነበረበት ጊዜ፣ የሦስት ዓመት የማስተማሪያ ማስታወሻዬን በኮምፒውተር ጻፍኩ። ስለ ቅኔ፣ ስለ አማርኛ ልቦለድ አነሳስ፣ ከተማሪዎቼ ጋር የተከራከርንባቸው ነገሮች፣ በየገጠሩ እየሄዱ የለቀሙልኝ ቃላዊ ግጥሞች ጭምር። ሁሉም በሁለት ዲስኬት ገባ። ደስታዬ ወሰን አልነበረውም፤ ወረቀቱን አይጥ ይበላዋል፣ ይህ ግን ዘላለማዊ ነው አልኩ። (ወረቀቱን አይጥ ሳይበላው እኔው ራሴ ጣልኩት።) ያን ጊዜ የግዕዝ ፊደል ዓለም አቀፍ መለያ ቁጥር አልነበረውም። ዩኒኮድ ፊደላችንን ያስገባው እ.ኤ.አ. በመስከረም 1999 ነው። ከዚያ በፊት የነበረ እያንዳንዱ የአማርኛ መጻፊያ የላቲኑን ፊደል ቦታ ተበድሮ፣ በየራሱ ውል፣ ሀ-ን አንዱ እዚህ ሌላው እዚያ አስቀምጦ ነበር የሚሠራው። መጻፊያው ከሌለ ጽሑፉ የለም። ከዓመታት በኋላ ዲስኬቶቼን ሳስከፍት ያየሁት ባለ ጭራና ባለ ነጥብ የፈረንጅ ፊደል ዝናብ ነው። የሦስት ዓመት ሥራ፣ ከነተማሪዎቼ ልፋት።

ይህን በቢሮው ውስጥ ለልጁ ነገርኩት። ለምን እንደነገርኩት አላውቅም። ልጁ ግን ለመጀመሪያ ጊዜ ቀና አለ።

«ጋሼ፣ አልጠፋም እኮ!» አለኝ። «ሦስት ነገር ነው የሚያስፈልገው። ዲስኬቱን የሚያነብ መሣሪያ፤ እሱ ተፈልጎ ይገኛል። ያን ጊዜ የነበረውን ኮምፒውተር የሚመስል፤ እሱ ብራውዘር ላይ አለ፣ የድሮው ዊንዶውስ ራሱ ይነሳል። ሦስተኛው መጻፊያው ነው። እሱን ያስቀመጠ ሰው አለ?»

ልክ ነው፤ ኢንተርኔት አርካይቭ ከ2016 ጀምሮ የዊንዶውስ 3.1 ዘመን ፕሮግራሞችን ብራውዘር ውስጥ ያስነሳል። የጎደለው ሦስተኛው ነው። ያንን መጻፊያ የያዙት ዲስኬቶች የት ገቡ? በየቢሮው፣ በየማተሚያ ቤቱ ነበሩ። «አሮጌ ነው» ብለን ጣልናቸው። የአንድ አሥር ዓመት የአማርኛ ደብዳቤ፣ የመመረቂያ ጽሑፍ፣ ያልታተመ ልቦለድ በነዚያ መጻፊያዎች ተጽፏል። የፈረንጅ ልጆች የቧንቧ ሠራተኛ ጌም አይጥፋ ብለው ሠላሳ ዓመት ሲለፉ፣ እኛ የራሳችንን መጻፊያ ቆሻሻ ውስጥ ጣልን። ከዚያም የነሱን ልፋት ተጠቅሞ ሊማር የተቀመጠውን ልጅ ከክፍል አስወጣነው።

ኢንተርኔት ለዕውቀት ነው ለሚሉት ሰብሳቢ አንድ ነገር ልጨምር። ከሐምሌ 2015 መጨረሻ ጀምሮ በአማራ ክልል የሞባይል ኢንተርኔት ለወራት ተቋርጦ እንደነበር ሁላችንም እናስታውሳለን። በዚያ ጊዜ በኢንተርኔት ላይ ብቻ የቆመ ትምህርት ሁሉ ተኛ። ይህ የብራውዘር አስመሳይ ግን አንዴ ከወረደ በኋላ ሥራውን የሚሠራው እዚያው ኮምፒውተሩ ውስጥ ነው። ገጹ በፍላሽ ከተቀመጠ መስመር ባይኖርም ይነሳል። ልጁ መሠረቱን የተማረው እንዲህ ነው፤ ባሕር ዳር ያለ ዘመድ በፍላሽ ባመጣለት ፋይል። ለሁለት ኪሎባይት ማስታወሻ ፕሮግራም መጻፍ ምን ማለት እንደሆነ የሚያውቅ መምህር ቢኖር ኖሮ ልጁን ኮሚቴ ፊት ሳይሆን ሰሌዳ ፊት ያቆመው ነበር። ዛሬ አንድ ተራ ድረ ገጽ ለመክፈት የሚባክነው ማስታወሻ ከዚያ በሺዎች እጥፍ ይበልጣል፤ ይህ ልጅ አንዷን ባይት ለምን እንደሚያውላት ያስባል። ቅኔ ቤት ካልሆነ እንዲህ ያለ ቁጠባ የት አለ?

ከዚያ ደብተሩን አወጣ። ባለ ካሬ የሒሳብ ደብተር ነው። ስምንት በስምንት ካሬ እያሰመረ፣ አንዳንዱን ካሬ በእርሳስ እያጠቆረ፣ ፊደል ሥሏል። ሀ፣ ሁ፣ ሂ... ገጽ በገጽ። ጌሙ ላይ የሚታየው ጽሑፍ በአማርኛና በአዊኛ እንዲሆን ስለፈለገ ነው። ችግሩን ሲያስረዳኝ ቡናዬ በረደ። ያ አሮጌ መሣሪያ፣ ካሴቱ ውስጥ ተጨማሪ ብልሃት ካልገባለት በቀር፣ ለገጹ ጀርባ በአንድ ጊዜ የሚፈቅደው 256 ትንንሽ ሥዕል ነው፤ እያንዳንዱ ስምንት በስምንት ነጥብ። ለላቲን 26 ፊደል ይህ የተንጣለለ ሜዳ ነው። የኛ ግን 33 በ7፣ 231። በላዩ ላይ አማርኛ የማይጠቀምበት የአዊኛው «ጘ» ከነስድስት ወንድሞቹ ሲጨመር 238። ለሣሩ፣ ለሰማዩ፣ ለአጥሩ፣ ለቤቱ የሚተርፈው 18 ሥዕል ብቻ! በ18 ሥዕል አገር አይሠራም።

ኢንጂነር አያና ብሩ የአማርኛ የጽሕፈት መኪና ሊሠሩ ሲነሱ የገጠማቸው ይኸው ችግር ነበር፤ ለጥቂት ፊደል በተሠራ የፈረንጅ መኪና ላይ የፊደላችንን ሠራዊት እንዴት ማስቀመጥ ይቻላል? ከዚያ ወዲህ ስንት ሊቅ «ፊደል ይቀነስ፣ አይቀነስ» እያለ ተከራከረ። የ10ኛ ክፍል ልጅ ማንም ሳይነግረው፣ ቅዳሜ ከሰዓት፣ እዚያው ክርክር መሀል ገብቶ ተቀምጧል። እኛ ደግሞ ጌም ሲጫወት ያዝነው አልን።

«ታዲያ እንዴት አደረግኸው?» አልኩት።

«አምስቱን አወጣኋቸው» አለ። «ሐን፣ ኀን፣ ሠን፣ ዐን፣ ፀን። ድምፃቸው አንድ ነው፤ 28 በ7፣ 196። ጘን ጨምሬ 203። ለሥዕሉ 53 ተረፈኝ።»

ደሜ ፈላ። እኔ ዕድሜዬን ሙሉ «ሠረቀ»ና «ሰረቀ»፣ «ዐመት»ና «አመት» ስል የኖርኩ ሰው ነኝ። ኮሚቴው በዚህ ቢቀጣው ኖሮ ምናልባት እፈርም ነበር!

ርእሰ መምህሩ ውሳኔውን ለኮሚቴው መልሰው እንደሚያቀርቡት ቃል ገቡልኝ። ሰብሳቢው ምንም አላሉም፤ ዓይናቸው ግን ደብተሩ ላይ ነበር። እኔ የጠየቅኩት ሁለት ነገር ነው። ልጁ ወደ ክፍሉ ይመለስ፤ ቅዳሜ ክፍሉ ይከፈት። ዘጠኙ ልጆች አንድ ሰዓት ይጫወቱ ይሆናል፤ ይጫወቱ። ይህን ጽሑፍ ወደ ማተሚያ ቤት እስከላክሁበት ቀን ድረስ የሰማሁት የመጀመሪያው መፈጸሙን ነው። የቅዳሜው ቁልፍ አሁንም ዘበኛው ጋ ነው።

ባለፈው ሳምንት ልጁ በስልክ አንድ ምስል ላከልኝ። ፈረሰኛው ሰባተኛው ቤት ደርሷል። ከላይ በነጭ ነጥቦች «ጸሀይ ወጣች» ይላል። ደወልኩለት። «ፀሐይን እንዲህ አድርገህ ጽፈህ ለሰው አታሳይ፤ ቢያንስ ፀን መልሳት» አልኩት።

«ጋሼ» አለኝ፣ እያቅማማ፤ «ለአንድ ፀ ሰባት ቦታ ነው የሚሄድብኝ። ከመለስኳት አጥሩን ላፈርሰው ነው።»

«አጥሩን አፍርሰው።»

«እሺ፤ ከዚያ ፈረሱ ምን ይዝለል?»